«አንቺ ቁጭ በይ»፦ ደሴ ላይ ስለማርጀት

እናቴ ምስር እየለቀመች ነበር። እህቴ ከስራ ገባችና ሰፌዱን ከጭኗ ላይ አንስታ «እማ አይንሽ አያይም እኮ፣ ጠጠሩን ሁሉ ትተሽው ነው፣ አንቺ በቃ ቁጭ በይ» አለቻት። በፍቅር ነው ያለቻት፣ ድምጿ ላይ ክፋት የሚባል የለም። እናቴ ተነስታ መስኮቱ ጋ ሄደችና የጦሳን ተራራ እያየች ቁጭ አለች፣ መግሪብ እስኪል ድረስ አንድ ቃል አልወጣትም። እራት ላይ ምን ሆነሽ ነው ስንላት «ምንም፣ ወገቤን ነው» አለች።

ወገቧን አልነበረም። ይሄን ለመረዳት ግን ወራት ፈጅቶብኛል፣ የገባኝም ግማሹ በማንበብ ግማሹ እሷን በማየት ነው፣ ስለዚህ ከዚህ በታች የምፅፈው ግማሹ ሳይኮሎጂ ግማሹ የኛ ቤት ወሬ ቢሆን አይግረማችሁ።

ትንሽ ወደኋላ ልመለስ። አባቴ ኮምቦልቻ ፋብሪካ ውስጥ ነው እድሜውን የጨረሰው፣ 60 ሲሞላው ጡረታ ወጣ፣ ከሁለት አመት በፊት ደሞ አረፈ። እናቴ ብቻዋን ቀረች ብለን ደነገጥንና ደሴ አመጣናት፣ ኮንዶሚኒየም ሶስተኛ ፎቅ። ርቀቱ ወደ 25 ኪሎ ሜትር ነው፣ የሐረጎን ዳገት ወጣህ ገባህ፣ በቃ። እኛ ከአንድ ሰፈር ወደ ሌላ ሰፈር እንዳዛወርናት ነው የቆጠርነው። ደሴ ከኮምቦልቻ ከ600 ሜትር በላይ ከፍ ትላለች፣ ብርዱ ለጉልበቷ እንደማይሆን አስበን ወፍራም ጋቢና ብርድ ልብስ ገዛን፣ ሌላ የሚያስቸግር ነገር ይኖራል ብሎ ያሰበ ሰው አልነበረም። «ደሴ ሰው ሞልቷል፣ አይደብራትም» ነበር የተባለው።

እዚህ ጋ ነው ስህተቱ። ስታንፎርድ ዩኒቨርሲቲ የምታስተምር ላውራ ካርስተንሰን የምትባል ሳይኮሎጂስት አለች፣ እድሜና ወዳጅነት ላይ ብዙ አመት የሰራች። ድሮ ሰው ሲያረጅ ወዳጆቹ የሚቀንሱት ስለሚሞቱበትና ስለሚረሱት ነው ተብሎ ነበር የሚታመነው። እሷ ያሳየችው ሰውየው ራሱ እንደሚቀንስ ነው። ወጣት ሆነህ ፊትህ ያለው ጊዜ የማያልቅ ሲመስልህ ሰው ትሰበስባለህ፣ ይሄኛው ስራ ያስገባኛል፣ ይቺኛዋ አንድ ቀን ትጠቅመኛለች፣ ስልክህ ላይ አምስት መቶ ቁጥር ይኖርሃል። ጊዜው እያጠረ እንደሆነ ሲገባህ ግን እንደ ጤፍ ማበጠር ትጀምራለህ፣ ገለባው ይሄዳል፣ የሚቀሩት አራት አምስት ሰው ይሆናሉ፣ እነሱ ግን ፍሬዎቹ ናቸው። የሚገርመው ነገር ጉዳዩ እድሜ ብቻ አለመሆኑ ነው፣ በፅኑ የታመሙ ወጣቶችም ላይ ተመሳሳይ ነገር ታይቷል፣ ማለትም የሚወስነው የኖርከው አመት ሳይሆን ቀረኝ ብለህ የምታስበው ጊዜ ነው።

እናቴ ኮምቦልቻ ላይ አበጥራ የጨረሰቻቸው ሰዎች ነበሯት። ከአጥር ማዶ ያለችው ጎረቤቷ፣ ሰላሳ ምናምን አመት በተራ ቡና ያፈሉ፣ አቦሉ አንዷ ቤት በረካው ሌላዋ ቤት። ቦርከና ወንዝ ማዶ ያለች የአክስቷ ልጅ። ሱቁ በር ላይ ወንበር አውጥቶ የሚቀመጥ ሽማግሌ፣ ስታልፍ «ዛሬስ እንዴት አደርሽ» ካላላት ቀኑ የማይጀምርላት። እኛ እሷን ከብቸኝነት አወጣን ብለን በትክክል እነዚህን ሰዎች ነው ያቋረጥንባት። ደሴ ሰው ሞልቷል፣ እውነት ነው፣ ግን በ70 አመት አዲስ ሰው አይበጠርም።

ታዲያ ይሄ የኛ ቤት ጉዳይ ብቻ ቢሆን አልፅፈውም ነበር። ፒያሳ ብትሄዱ፣ ሰኞ ገበያ ብትሄዱ፣ ልጆቿ ጋ የመጣች እናት በየበረንዳው ፀሀይ ስትሞቅ ታያላችሁ፣ ከገጠር የመጣች አለች፣ ከኮምቦልቻ፣ ከሐይቅ፣ ከከሚሴ። ቁጥራቸውም እየጨመረ ነው የሚሄደው። እ.ኤ.አ በ1990 አንድ ኢትዮጵያዊ ሲወለድ የሚጠበቅለት እድሜ 50 እንኳን አይሞላም ነበር፣ አሁን ከ65 አልፏል። ሰው ይሄን ቁጥር ሲሰማ «65 ላይ እንሞታለን ማለት ነው» ይላል፣ አይደለም፣ አማካዩን ወደታች የሚጎትቱት በህፃንነታቸው የሚሞቱት ናቸው፣ 60 የደረሰ ሰው በአማካይ ገና 15 አመትና ከዚያ በላይ ከፊቱ አለ። አለም ላይ ደሞ የአለም ጤና ድርጅት እንደሚለው እ.ኤ.አ በ2030 ከስድስት ሰው አንዱ 60 እና ከዚያ በላይ ይሆናል። አስራ አምስት አመት ቁጭ በይ ይባላል እንዴ ሰው?

ቁጭ ማለቱ ራሱ አንድ ጊዜ ቲዎሪ ነበር። እ.ኤ.አ በ1961 ኤሌን ካሚንግና ዊልያም ሄንሪ የሚባሉ ተመራማሪዎች አሜሪካ ካንሳስ ሲቲ ያሉ ሰዎችን አጥንተው ሰው ሲያረጅ ከማህበረሰቡ ቀስ በቀስ መውጣቱ፣ ማህበረሰቡም እሱን መልቀቁ ተፈጥሯዊና ለሁለቱም ጥሩ ነው አሉ። ለሞት መለማመድ አይነት ነገር። ብዙም ሳይቆይ ተቃውሞ ጎረፈበት፣ ሮበርት ሃቪገርስት የሚባለው ሰው በተቃራኒው ደህና የሚያረጁት ስራና ግንኙነታቸውን የቀጠሉት ናቸው አለ፣ በኋላ እ.ኤ.አ በ1989 ሮበርት አችሊ መጣና ሁለቱንም ትንሽ አረጋጋቸው፦ ሰው ሲያረጅ አዲስ ሰው መሆን አይፈልግም፣ የሚፈልገው ያው የነበረውን ሰው ሆኖ መቀጠል ነው፣ አስተማሪ የነበረ ማስተማሩን፣ ነጋዴ የነበረ መነገዱን፣ በትንሹም ቢሆን። እኔ አችሊን ነው የምደግፈው። እናቴ ስፖርት ስሪ ብትባል ትስቃለች፣ ምስር ልቀሚ ብትባል ግን እሷ ናት።

የመጀመሪያው ቲዎሪ ዩኒቨርሲቲ ውስጥ ሞቷል ማለት ይቻላል፣ ደሴ ውስጥ ግን በደንብ እየኖረ ነው፣ ያውም ክብር ለብሶ። እኛ አገር ሽማግሌን የሚሰድብ የለም (አለ፣ ግን ይታፈርበታል)። ታክሲ ውስጥ ወንበር እንለቃለን፣ ሰርግ ላይ ፊት እናስቀምጣለን፣ እርሶ ይቀመጡ፣ እርሶ አይልፉ፣ እኛ እንጨርሳለን። ክብሩን ሰጥተን ስራውን እንወስዳለን። የሰርጉን ወጪ ማን ወሰነ? ልጆቹ በቴሌግራም ግሩፕ ጨርሰውታል። አባትየው የሚያውቀው መርቁ ሲባል ነው። አንድ ጡረተኛ ጎረቤታችን፣ ስንት አመት ሂሳብ ሰራተኛ የነበሩ ሰውዬ፣ «እኔን አሁን ለፎቶ ነው የሚጠሩኝ» ብለውኛል፣ እየሳቁ ነው ያሉኝ ግን እኔ አልሳቅኩም።

ቋንቋችን ራሱ ይሄን ያውቀዋል እኮ። ለእድሜ ሶስት አይነት ግስ አለን። «አረጀ» ለሰውም ለጫማም ይሆናል። «ጃጀ» ደሞ ስድብ ነው፣ አንድ ሰው ጃጀ ከተባለ በኋላ የሚናገረው ምንም ነገር አይቆጠርም። ሶስተኛው «ሸመገለ» ነው፣ ይሄ ግን ሁለት ትርጉም አለው፣ እድሜው ገፋ ማለትም ነው አስታረቀ ማለትም ነው። ሽማግሌ ማለት ስራው ነው፣ እድሜው ውስጥ ስራ ተሰጥቶታል፣ ሁለት ቤተሰብ ሲጣላ የሚጠራ ሰው። ወሎ ውስጥ ደሞ ሸሁም ቄሱም አብረው ተቀምጠው የሚያስታርቁበት አገር ስለሆነ ይሄ ስራ ትልቅ ነበር፣ አሁንም አለ። ችግሩ ሴቷ ጋ ስንመጣ ነው። ሽማግሌ ወንድ ነው። «አሮጊት» የሚለው ቃል ውስጥ ምን ስራ አለ? ምንም። ዱበርቲዎቹ (ለዱዓ የሚሰበሰቡት የወሎ እናቶች) ዱዓ ሲያደርጉ፣ ምጥ ሲያዝ፣ አራስ ሲጠየቅ እናቶች ይጠራሉ፣ ለነገር ግን አይጠሩም። እናቴ ኮምቦልቻ ላይ ስንት ባልና ሚስት ጓዳ ውስጥ እንዳስታረቀች እኔ አውቃለሁ፣ ሽማግሌ ብሎ የጠራት ግን የለም።

«ጡረታ» የሚለውንም ቃል አስቡት። ከ«ጧሪ» ጋር አንድ ስር ነው ያላቸው፣ ጦረ፣ ያረጀን ሰው ደገፈ። ጧሪ ቀባሪ አታሳጣኝ ይላል ሰው ሲፀልይ፣ የኛ የእርጅና ፖሊሲ በሁለት ቃል ይሄው ነው። መንግስትም በበኩሉ ጡረታ አለው፣ የግል ድርጅት ሰራተኛው ከ2003 ዓ.ም ጀምሮ ነው የገባው፣ ሰራተኛው 7 ፐርሰንት አሰሪው 11 ፐርሰንት ያዋጣል፣ 60 አመትና ቢያንስ 10 አመት አገልግሎት ይጠየቃል፣ ባል ሲሞት ሚስት ግማሹን ታገኛለች። እናቴ ያንን ግማሽ ትወስዳለች። ስንት እንደሆነ አልነግራችሁም፣ አንድ ኪሎ ቡናና የወሩ መድሀኒት ላይ ያልቃል። ግን አስተውሉ፣ ይሄ ሁሉ ደሞዝተኛ ለነበረ ሰው ነው። ገበሬው፣ ጉልት ቸርቻሪዋ፣ እድሜዋን ሙሉ እንጀራ ጋግራ ስትሸጥ የኖረችው፣ እነሱ 60 ሲሞላቸው ምንም የሚሆን ነገር የለም፣ ያው ማክሰኞ ነው፣ ለነሱ ጡረታቸው ልጅ ነው። ህገ መንግስቱ አንቀፅ 41 ላይ መንግስት አቅሙ በፈቀደ መጠን አረጋውያንን ይረዳል ይላል፣ አቅም በፈቀደ የሚለውን ከስሩ አስምሩበት።

ልጁ የታለ ታዲያ? ወሎ ውስጥ ይሄን ጥያቄ ስትጠይቅ መልሱ ብዙ ጊዜ ሳውዲ ነው፣ ቤሩት ነው፣ ዱባይ ነው። እኛ ፎቅ ላይ ካሉት እናቶች የአንዷ ሁለት ሴት ልጆቿ አረብ አገር ናቸው፣ በየወሩ ይልኩላታል፣ ቤቱን የገዙላት እነሱ ናቸው፣ ሶፋው ላይ ፕላስቲኩ ገና አልተላጠም። ማታ ማታ በኢሞ ይደውላሉ። ስልኩን ጆሮዋ ላይ ትለጥፈዋለች፣ ልጆቹ «እማ ፊትሽን አሳይን እንጂ ጆሮሽን ነው የምናየው» ይላሉ፣ ኔትወርኩ ይቆረጣል፣ ሄሎ ሄሎ፣ በቃ ያ ነው። ልጆቹ ጧሪ ናቸው፣ ይሄን ማንም አይክድም፣ ሰው ቤት እየሰሩ ነው የሚልኩት። ግን ሻይ አፍልቶ «ጠጪ» የሚላት ሰው በገንዘብ አይላክም። ይሄን ለስሜት ብዬ አይደለም የምለው። እ.ኤ.አ በ2010 ጁሊያን ሆልት ለንስታድና ባልደረቦቿ 148 ጥናቶችን አንድ ላይ አድርገው ከ300 ሺህ በላይ ሰው ያለበትን ዳታ አይተው ነበር፣ ጠንካራ ማህበራዊ ግንኙነት ያላቸው ሰዎች በጥናቱ ጊዜ በህይወት የመቆየት እድላቸው ግንኙነታቸው ከላላ ሰዎች በ50 ፐርሰንት ይበልጣል። ሲጋራ ከማጨስ ጋር የሚወዳደር ነገር ነው። ደም ግፊት እንለካለን፣ ሰው መናፈቅን የሚለካ እቃ የለም።

እንግዲህ ወደ ወገቧ ልመለስ።

እናቴን ያኔ አንድ ክሊኒክ ወሰድናት። ሀኪሙ ቀና ብሎ እንኳን ሳያያት እኔን ነው የጠየቀኝ፣ «ምን ይሰማታል? ትበላለች? ትተኛለች?» እሷ አጠገቤ ተቀምጣለች። ማስታገሻ መርፌና ቅባት ታዘዘ፣ ወጪውን ከፈልን፣ ስንወጣ «እድሜ ነው» አለን። ይቺ «እድሜ ነው» የምትባለው ነገር ስንቱን በሽታ እንደቀበረች። የአለም ጤና ድርጅት ከ60 አመት በላይ ካሉት ወደ 14 ፐርሰንት የሚሆኑት ከአእምሮ ጤና ችግር ጋር እንደሚኖሩ ይናገራል፣ ዋነኞቹ ድባቴና ጭንቀት ናቸው። የኛ አገር እናት ግን «ዲፕሬሽን ይዞኛል» አትልም፣ ቃሉም የላት፣ ቢኖራትም ምስጋና ቢስነት ነው የሚመስላት፣ ልጆቿ እያበሏት እንዴት ከፋኝ ትላለች። ስለዚህ በገላዋ ታወራለች። ወገቤን፣ ራሴን፣ ልቤን ነደደኝ፣ ምግብ አልበላ አለኝ፣ እንቅልፍ እምቢ አለኝ። ከፍ ካለ ደሞ «ሆድ ባሰኝ» ትላለች፣ ያቺ ቃል ከወጣች ቆም ብሎ መስማት ነው፣ መርፌ አይደለም።

«ጃጀ» የምንለው ደሞ ሌላው መዝጊያ ነው። በእድሜ ጭንቅላት ሙሉ በሙሉ ይደክማል የሚለው ትክክል አይደለም። ሬይመንድ ካቴል የሚባል ሳይኮሎጂስት የማሰብ ችሎታን ለሁለት ከፍሎት ነበር፣ አንዱ አዲስ ነገር ቶሎ የመፍታት ፍጥነት ነው፣ ይሄ ከጉርምስና በኋላ ብዙም ሳይቆይ ቀስ እያለ ይወርዳል (እኔ ራሴ አዲሱን የባንክ አፕ ለመልመድ ሳምንት ፈጅቶብኛል፣ ገና 41 ነኝ)፣ ሌላው በኖርክበት ያጠራቀምከው ነው፣ ቃላት፣ የሰው ባህሪ፣ የትኛው ነገር ወዴት እንደሚያመራ፣ ይሄኛው እስከ ስልሳዎቹና ከዛም በላይ አይነቃነቅም። ስም መርሳት፣ ቁልፍ የት እንዳስቀመጡ መርሳት የተለመደ ነው። እውነተኛው የመርሳት በሽታ ቁልፉን ይዞ ለምን እንደሚያገለግል አለማወቅ ነው፣ የሰላሳ አመት የሰፈር መንገድ መጥፋት፣ ያ ሀኪም ይፈልጋል። በመሀል ደሞ ሰው የማያስተውለው ጆሮ አለ። ብዙ ሽማግሌ ጨዋታ ላይ ዝም የሚለው አእምሮው ሄዶ አይደለም፣ አይሰማማ! ሶስት ጊዜ ምን አልክ ብሎ ሲያፍር አራተኛውን ይተወዋል፣ ፈገግ ይላል፣ እኛ ደሞ «እየጃጀ ነው» እንባባላለን። ላንሴት የሚባለው የህክምና መፅሄት ያቋቋመው ኮሚሽን እ.ኤ.አ በ2024 ባወጣው ሪፖርት ቢያዙ የመርሳት በሽታን ሊቀንሱ ወይም ሊያዘገዩ የሚችሉ 14 ነገሮችን ዘርዝሯል፣ የመስማት ችግር፣ ያልታከመ የማየት ችግር፣ ደም ግፊት፣ ድባቴ፣ ከሰው መገለል ሁሉም አሉበት። ሁሉም ቢስተካከሉ ከበሽታው ወደ 45 ፐርሰንት የሚጠጋውን መከላከል ወይም ማዘግየት ይቻል ነበር ነው የሚሉት። ማለትም አንዳንዱ ጃጀ ያልነው ሰው ጆሮው ተደፍኖ ነው።

እናቴ ደግሞ አይኗ ነበር። ሞራ ነው ተባለ። ቦሩ ሜዳ ሆስፒታል የወሎ ሰው ለአይኑ ከድሮ ጀምሮ የሚሄድበት ነው፣ የሞራ ቀዶ ጥገና ደሞ ብዙ ጊዜ በዛው ቀን የሚያልቅ ነገር ነው። እኛ እኮ ሰፌዱን ከመቀማታችን በፊት አይኗን ማሳየት እንችል ነበር፣ ወይ ሰፌዱን ወደ መስኮቱ ብርሀን ማዞር፣ ወይ ምስሩን በእፍኝ በእፍኝ መስጠት። ይሄንንም ያጠኑት ሰዎች አሉ፣ ፖል ባልተስ የሚባል ጀርመናዊ አርተር ሩቢንስታይን የሚባለውን ፒያኒስት ምሳሌ ያደርገው ነበር፣ ሰውየው 80 አመት ሆኖት እንዴት እንደዚህ ትጫወታለህ ሲባል ጥቂት ስራዎችን ብቻ መረጥኩ፣ እነሱን አብዝቼ እለማመዳለሁ፣ ፈጣኑ ቦታ ከመድረሴ በፊት ደሞ ሆን ብዬ ዝግ እላለሁ፣ ያኔ ፈጣኑ ፈጣን ይመስላል አለ ይባላል። ያነሰ ምስር፣ የተሻለ ብርሀን፣ ዝግ ያለ እጅ። ፒያኖውን ቀምተው ቁጭ በል አላሉትም።

ስለ እርጅና ያለህ አስተሳሰብ ራሱ ገላህ ውስጥ ይገባል። የል ዩኒቨርሲቲ የምትሰራው ቤካ ሌቪ ኦሃዮ ውስጥ ያለች ትንሽ ከተማ ነዋሪ የሆኑ 50 አመት ያለፋቸው 660 ሰዎችን መረጃ ተከታትላ እ.ኤ.አ በ2002 አወጣች፣ ስለራሳቸው እርጅና ጥሩ አመለካከት የነበራቸው መጥፎ ካላቸው በአማካይ 7.5 አመት የበለጠ ኖረዋል፣ ጤናቸው ገቢያቸው ብቸኝነታቸው ሁሉ ግምት ውስጥ ገብቶ። አንድ ጥናት ነው፣ አሜሪካ ነው፣ ደሴ ላይ ቀጥታ ይሰራል አልልም። ግን በቀን አስር ጊዜ «አንቺ አትችይም» የሚባል ሰው ስለራሱ ምን እንደሚያምን ለመገመት ጥናት አያስፈልግም። ይሄን አይነቱን ነገር እንግሊዝኛው «ኤጂዝም» ብሎ በስም የሚጠራው ሮበርት በትለር የሚባል የአእምሮ ሀኪም እ.ኤ.አ በ1969 ስም ካወጣለት ወዲህ ነው፣ ከዘረኝነት ጋር አንድ ረድፍ ላይ አስቀምጦት፣ እድሜኝነት ብንለው ያስኬዳል መሰለኝ። የኛ ትንሽ ይለያል፣ የነሱ በንቀት ይመጣል፣ የኛ ስለምንሳሳላቸው።

ይሄው በትለር ሌላም ያየው ነገር አለ፣ እኔን በጣም የረዳኝ። ሽማግሌዎች ያንኑ ታሪክ ደጋግመው ሲያወሩ ድሮ እንደ ድክመት ነበር የሚታየው፣ እሱ እ.ኤ.አ በ1963 ይሄ ስራ ነው አለ፣ ሰውየው ህይወቱን መልሶ እያየ ሂሳብ እየዘጋ ነው። ኤሪክ ኤሪክሰንም የሰውን እድሜ ስምንት ደረጃ አድርጎ የመጨረሻው ላይ ያስቀመጠው ይሄንኑ ነው፣ የኖርኩት ህይወት የኔ ነበር፣ ከነጉድለቱ ይሁን ማለት ወይም በፀፀት መሞላት። ወሎ ውስጥ መደገም ያለበት ታሪክ ደሞ ብዙ ነው። የ66ቱ ረሀብ፣ የ77ቱ፣ ከዛ በ2014 ጦርነቱ ደሴና ኮምቦልቻ ሲገባ ሰው በእግሩ ሲወጣ ብዙ ሽማግሌና አሮጊት መሄድ አንችልም ብሎ ቤት ጠብቆ ቀርቷል። እናቴና አባቴም ኮምቦልቻ ቀርተው ነበር፣ ያኔ አባቴ በህይወት አለ፣ ስልክ የለ መብራት የለ፣ እኛ ከዚህ ሸሽተን ሌላ አገር ሆነን በህይወት ይኑሩ አይኑሩ አናውቅም። እናቴ ይሄን ስታወራ የምትጀምረው ሁሌ ከዱቄቱ ነው። ስንት ኩባያ ዱቄት እንደቀራቸው፣ ለጎረቤቷ ስንቱን እንደሰጠች፣ ጎረቤቷ በምላሹ ጨው እንደሰጠቻት። መቶ ጊዜ ሰምቼዋለሁ። ድሮ «ነግረሽኛል እማ» እል ነበር፣ አሁን «ከዛስ?» እላለሁ፣ እና የሚገርመው ከ«ከዛስ» በኋላ ታሪኩ ይቀየራል፣ ያልሰማሁት ነገር ይመጣል፣ አባቴ አንድ ሌሊት እንዳለቀሰ የሰማሁት በመቶ አንደኛው ነው።

ደሞ አሳዛኝ ብቻ አድርጌ አልሳለው። ተመራማሪዎች ደጋግመው ያገኙት ነገር ሰው ሲያረጅ በአማካይ ንዴቱና ጭንቀቱ እንደሚቀንስ፣ ደስ የሚለውን ነገር ይበልጥ እንደሚያስታውስ ነው። ጤናና ሰው ካለው ማለት ነው። እናቴ ከኔ በላይ ትስቃለች።

አንድ ነገር ሳልናገር ባልፍ እህቴ አትለቀኝም። ይሄን ሁሉ የምፅፈው እኔ ነኝ፣ የሚያጥባት እሷ ናት። በየቤቱ አንድ አለች፣ ያላገባች ወይም የፈታች ልጅ፣ «እናትሽን አንቺ ያዣት» ተብሎ ሳይነገር የተወሰነባት፣ ወንድሞቿ ገንዘብ ልከው ምርቃቱን የሚወስዱ። ህጉ ልጅ ወላጁን የመቀለብ ግዴታ አለበት ይላል፣ ወንድ ሴት አይልም። ሰፌዱን የቀማችው ክፉ ሆና አይደለም፣ ከስራ ደክሟት ገብታ ምስሩን ድጋሚ መልቀም ስላልቻለች ነው። ቁጭ በይ ፈጣን ነው። እናትን ስራ ላይ ማቆየት ጊዜ ይፈጃል፣ ጊዜ ደሞ የሌላት እሷ ናት። ስለዚህ እናቶችን ስራ ስጧቸው እያሉ መፃፍ ቀላል ነው፣ ማን እንደሚሸከመው አብሮ ካልተባለ ወሬ ነው።

ቅሬውን ሳስብ ይገርመኛል። ወሎ ውስጥ እድር ቅሬ ነው፣ ሰው ሲሞት የሚሆነውን አይታችኋል፣ ድንኳኑ፣ ወንበሩ፣ ለቅሶ የሚደርሰው፣ ምግቡ፣ ሁሉም ተራውን ያውቃል፣ ያልመጣ ይቀጣል። ለቀባሪ እንዲህ የተደራጀን ሰዎች ለጧሪ ምንም ድርጅት የለንም። ያው መዋጮ፣ ያው መዝገብ፣ ያው ተራ በሳምንት አንድ ቀን የታመመ ወይም ብቻውን ያለ አባል ለመጠየቅ ቢሆን ምን ይከብዳል? ለአንድ የቅሬ ሰብሳቢ ይሄን ሳነሳላቸው «ሲሞቱ እንመጣለን» አሉኝ። ቀልዳቸውን ነው። ግማሹን።

እናቴ አይኗ ከተሰራ በኋላ ምስሩን ማንም አይነካባትም። ግን የለወጣት እሱ ብቻ አይደለም። ባለፈው ወር ፎቃችን ላይ በውሃ ምክንያት ፀብ ተነሳ፣ ውሃ በፈረቃ ነው የሚመጣው፣ የላይኛዋ ሮቶዋን ቀድማ ሞላች ተባለ፣ የታችኛዋ ጀሪካን ወረወረች፣ ኮሚቴው ሶስት ቀን ሰብስቦ አልቻላቸውም። ከኮሚቴው አንዱ ልጅ በሩን አንኳኩቶ «እማማ አሉ እንዴ? ቢወርዱልን» አለ። እህቴ ደረጃውን አትችልም ልትል አፏን ስትከፍት እናቴ ነጠላዋን ትከሻዋ ላይ ጥላ ነበር።

ከኢሻ በኋላ ነው የተመለሰችው። ጉልበቷ አብጧል። እህቴ ተቆጣች፣ ማን ውረጂ አለሽ፣ «ጠሩኝ» አለች፣ «ጠሩኝ እኮ»። ቅባቱን አምጥቼ እያሸሁላት በደንብ ተጫነው አለችኝ፣ ነገም ይሄንኑ ደረጃ ነው የምትወርደው፣ ለካ አልጨረሱም፣ የላይኛዋ ልጅ ይቅርታ አልጠይቅም ብላ ለስምንት ሰአት ቀጠሮ ተይዟል።